አዲሱ አሮጌውን ይተካል

ወንድሜ የኮምፒውተር ጥገና ሱቅ አለው። መስታወቱ ላይ በትልልቅ ቀይ ፊደል «ፋይልዎ ሳይጠፋ ባክአፕ ያድርጉ» የሚል ጽሑፍ ለጥፏል። በዚያ ባለፍኩ ቁጥር ቀድጄ ልጥለው ይቃጣኛል። ሃያ ዓመት ሙሉ የገባ የወጣውን ደንበኛ በዚህ ነገር ሲቆጣ ኖሯል። የሠርግ ፎቶውን ኮፒ ሳያደርግ የመጣ ሰው እሱ ፊት የቤት ሥራ ያልሠራ ተማሪ ነው፤ አንገቱን ደፍቶ ነው የሚወጣው። የገዛ አባቱን ኮምፒውተር ግን በዘጠኝ ዓመት ውስጥ አንድ ቀን ባክአፕ አላደረገም። ስነግረው «ቆይማ እትዬ» ይላል። ከልጅነቱ ጀምሮ አፉ ላይ ያለችው ቃል ይህች ስለሆነች እኔና እናቴ «ቆይማ» ብለን ስም አውጥተንለታል። ዛሬ አርባ ሦስት ዓመቱ ነው፤ ፀጉሩ ከፊቱ ሸሽቷል፤ ስሙ ግን አለቀቀውም።

እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ። የምንኖረው ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው፤ እኔና አባዬ። የስፌት መኪናዬ በመስኮቱ በኩል፣ የአባዬ ኮምፒውተር በግድግዳው በኩል ነው። ጀርባና ጀርባ ሰጥተን እንቀመጣለን። እኔ መርገጫውን ስረግጥ የሱ ማውስ ቀጭ ቀጭ ሲል ይሰማኛል። ቀጭቀጭታው ከቆመ ዞር ብዬ አየዋለሁ። ስንት ዓመት እንዲህ ኖርን።

አባዬ ቀያሽ ነበር። ሠላሳ አራት ዓመት ሜትር ሲዘረጋና ችካል ሲተክል ኖሮ ጡረታ ወጣ። የእሱ ባለ ቀይ ጫፍ ችካል ግቢው ውስጥ የተተከለበት ሰው ቤቱ ዓመት እንደማይከርም ያውቃል። እንደዚያ ያለ ሥራ የዋለ ቀን ለእኛ አይነግረንም፤ እናቴ ግን እጁን ሲታጠብ ስለሚቆይ ታውቅበት ነበር። ጡረታ በወጣ በሁለት ዓመቱ ደግሞ ከራሱ መሥሪያ ቤት የመጡ ልጆች የእኛው ግቢ ውስጥ ችካል ተከሉ። አባዬ ወጣ፤ ችካሉን አየው፤ ቁጢጥ ብሎ በአንድ ዓይኑ አነጣጠረና «ሁለት ሳንቲሜትር ስታችኋል» አላቸው። ከዚያ ተመልሶ ገባ። ስለዚያ ቤት መፍረስ ሲናገር የሰማሁት ይህንን ብቻ ነው።

አንድ ሳምንት ሰጥተውን ነበር፤ ዶዘሩ ግን በስድስተኛው ቀን መጣ። «ዕቃ አውጡ! ዕቃ አውጡ!» የሚል ሰውዬ በየአጥሩ እየዞረ ይጮሃል። እናቴ የወጥ ቤቱን ዕቃ፣ ቆይማ አልጋና ቁም ሳጥኑን፣ እኔ ልብሱንና የስፌት መኪናዬን ተሻማን። ከአባዬ አልጋ ሥር አንድ የእንጨት ሳጥን ነበረች። በውስጧ የሠላሳ አራት ዓመት የመስክ ደብተሮቹ አሉ። አባዬ በአንድ ቅጂ የሚያምን ሰው አልነበረም። የለካውን ሁሉ ካርቦን አድርጎ ይጽፋል፤ ዋናው ለመሥሪያ ቤት ይሄዳል፣ ግልባጩ እዚያች ሳጥን ይገባል። የእኛ ሰፈር ራሱ እዚያ ውስጥ ነበር፤ በጎረምሳነቱ ግቢ በግቢ፣ ዛፍ በዛፍ የለካው። እኔ ቆይማ ከአልጋው ጋር ያወጣት መሰለኝ። ቆይማ እኔ ከልብሱ ጋር ያወጣኋት መሰለው። የጭነት መኪናው ላይ ከተሰቀልን በኋላ አባዬ «ደብተሮቹን አውጥታችኋል?» ብሎ ጠየቀን።

እኔና ቆይማ ተያየን። ዶዘሩ መኝታ ቤቱ ላይ ወጥቶ ነበር። አባዬ ፊቱን ወደ መንገዱ አዞረ። በጮኸብን፣ በሰደበን፣ ባንድ ጥፊ ባጮለን ኖሮ እኔ ዛሬ ሌላ ሰው እሆን ነበር ብዬ አስባለሁ። ከዚያ ወዲህ እሱም አላነሣው፤ እኛም አላነሣነው።

እናቴ እዚህ ፎቅ ከወጣን በሁለተኛው ዓመት ሞተች። አባዬ ከዚያ በኋላ ግድግዳ ማየት ያዘ። እዚህ ላይ የቆይማን ውለታ አልክድም። ከሱቁ ትርፍራፊ ዕቃ ለቃቅሞ አንድ ኮምፒውተር ገጣጠመና ጌም ጭኖበት አመጣ። በድንጋይና በእንጨት፣ በሣርና በመስታወት ጥርብ እየደረደሩ የፈለጉትን የሚሠሩበት ጌም ነው። አባዬ መጀመሪያ «የልጆች ነገር ነው» ብሎ ጀርባውን ሰጠው። ቆይማ «አባዬ፣ አንዱ ጥርብ ልክ አንድ ሜትር ነው እኮ» ሲለው ግን ዞረ።

«በአራቱም ጎን?»

«በአራቱም።»

መነጽሩን አደረገ። አንዴ ካደረገው በኋላ ዘጠኝ ዓመት አላወለቀውም።

ሰፈራችንን ሠራው። ደብተሮቹ ስለሌሉ ከጭንቅላቱ እያወጣ ነው የሠራው። «ልጄ፣ ከበራችን እስከ ቧንቧው ስንት እርምጃ ነበር?» ይለኛል፤ እኔ ምን አውቄ። ዓይኑን ይጨፍንና በዚህ ጠባብ ኮሪደር ላይ ወዲያና ወዲህ እየተራመደ ይቆጥራል። ከዚያ ተቀምጦ ይደረድራል። የጫማ ሰፊውን ዳስ ሠራ። አናጢው ራሱ የሠራውንና ራሱ ያጣመመውን ጣሪያ ከነጥመቱ ሠራው። እኔና ቆይማ ከትምህርት ቤት አርፍደን ስንመጣ የምንሾልክበትን የአጥር ቀዳዳ ሳይቀር ሠራ፤ ለካስ ያውቀው ኖሯል። የእናቴን መስኮት ከነሁለት የአበባ ማሰሮው ሠራው። ሰሜንና ደቡቡን አስተካክሎ ስለነበር ጌሙ ውስጥ ሲነጋ ፀሐይዋ በዚያው መስኮት ነው የምትገባው። የመጀመሪያ ቀን ያንን ሲያሳየኝ የምሰፋውን ቀሚስ እጅጌ ገልብጬ ሰፋሁት። ያ ሁሉ ሥራ ኮምፒውተሩ ውስጥ የተቀመጠበት ስም «ቤት» ነው። አንድ ፋይል። ዘጠኝ ዓመት።

አንድ ጊዜ «ግልባጩ የታለ?» ብሎ ቆይማን ጠይቆት ያውቃል። ቆይማም «ቆይማ አባዬ፣ አደርግልሃለሁ» አለው።

መርሳቱ ቀስ እያለ ነው የመጣው። መጀመሪያ ቁልፉን፣ ቀጥሎ ወሩን፣ ቀጥሎ እኔን። አንዳንዴ «አንቺ ሴትዮ» ይለኛል፤ አንዳንዴ በእናቴ ስም ይጠራኛል። ከሁለቱ የቱ እንደሚብስ አላውቅም። ሐኪም ቤት ወሰድኩት። ሐኪሟ የሰዓት ሥዕል ሣል ብትለው ክቡን ሥሎ ቁጥሮቹን በሙሉ ባንድ ወገን ከመራቸው። ያን ጊዜ ስለ ጌሙ ነገርኳት። እስኪ ከበራችሁ ተነሥተህ ቧንቧው ድረስ በቃልህ ውሰደኝ አለችው። ወሰዳት። በስተቀኝ ይህ አለ፣ በስተግራ ያ አለ፣ እዚህ ጋ ጉድጓድ ስላለ ተጠንቀቂ እያለ፣ አንድም ሳይስት አደረሳት። ሐኪሟ እስክሪብቶዋን አስቀመጠችና «ይህን ነገር እንዳታስቆሙት። የቀረውን ይዞ ያቆየለት እሱ ነው» አለችኝ።

እንግዲህ ይህ ለሌላ ሰው ጌም ነው። እዚህ ቤት ውስጥ አባዬ መጸዳጃ ቤቱን ሲፈልግ ወጥ ቤት ይገባል። እዚያ ውስጥ ግን መንገድ ስቶ አያውቅም። ከሰዓት በኋላ መቅበጥበጥና በር በር ማለት ሲጀምር ወንበሩ ላይ አስቀምጠዋለሁ፤ በበራችን ይገባል፤ የእጁ መንቀጥቀጥ ይቆማል። እኔም እፎይ ብዬ ወደ ስፌቴ እዞራለሁ።

ከዚያ ኮምፒውተሩ ድምፅ ማሰማት ጀመረ፤ ጥፍር እንደሚያንኳኳው ያለ። ለቆይማ ደወልኩለት።

«ሃርድ ዲስኩ ነው እትዬ። እያረጀ ነው። እሁድ እመጣና ባክአፕ አደርገዋለሁ።»

አራት እሁድ አለፈ። በአምስተኛው ሳምንት ማክሰኞ ስክሪኑ ሰማያዊ ሆነ፣ ከዚያ ጠቆረ። አባዬ ቁልፎቹን ተራ በተራ ከተጫነ በኋላ ወደ እኔ ዞረና «መብራት ሄደ?» አለኝ። መብራቱ ከራሳችን በላይ ቦግ ብሎ በርቷል።

በስልክ ያወረድኩበትን ውርጅብኝ እዚህ አልጽፈውም። ምላሴ ለከት የለውም፤ አውቀዋለሁ። ቆይማ ግን ያን ቀንስ «ቆይማ» ሳይል እየሮጠ መጣ። አሮጌውን ዲስክ ፈታ፤ አዲስ ዲስክ አስገባ፤ ጌሙን እንደገና ጫነ። «ሴቭ የተደረገው ሥራ አሮጌው ዲስክ ላይ ነው ያለው» አለኝ። «እሱን በመከራም ቢሆን አወጣዋለሁ። እስከዚያ ጌሙን እንዳትነኩት፣ እሺ?» እሺ አልኩት። ብሏል። ኋላ አላለም እንዳልል ነው አሁን የምናገረው።

ሦስት ሳምንት ፈጀ። ዲስኩ ተቧጭሯል፣ ጥቂት ያነባል ከዚያ ይግላል፣ እስኪበርድ ይጠበቃል፣ እንደገና ጥቂት ያነባል። የሚለኝ ይህንን ነው። እኔ ደግሞ የምነግረው ሌላ ነው። በመጀመሪያው ሳምንት አባዬ በየቀኑ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ የጠቆረውን ስክሪን ይጠብቅ ነበር። በሁለተኛው ሳምንት ኮሪደሩ ላይ ግድግዳውን እየዳበሰ እርምጃ ሲቆጥር ይውልና ወጥ ቤቱ በር ላይ ሲደርስ «ቧንቧው የታለ? ማነው ቧንቧውን የነቀለው?» ብሎ ይቆጣኛል። በሦስተኛው ሳምንት መጠየቁን ተወው። እዚያ ላይ ነው የፈራሁት።

በዚያው በሦስተኛው ሳምንት፣ አንድ ቀን ከምሳ በኋላ፣ ሸሚዙን ላወልቅለት ስል እጄን ያዘና «እመቤት፣ እባክሽን ወደ ቤቴ መልሽኝ» አለኝ። እንደማያውቁት ሰው፣ በትሕትና። አስተኛሁትና ወጥቼ ኮምፒውተሩ ፊት ተቀመጥኩ። ምን ቅብጥ እንዳደረገኝ አላውቅም። ከፈትኩት። ጌሙ ስም ጠየቀኝ። ስሙን ከጻፍኩለት ከሆነ ቦታ አፈላልጎ ያመጣው ይሆናል ብዬ «ቤት» ብዬ ጻፍኩ። በሰው በር ቆመው ስም እንደሚጠሩት ማለት ነው።

አረንጓዴ ሜዳ መጣ። ቤት የለው፣ አጥር የለው፣ ሜዳ ብቻ። እየመጣ ይሆናል ብዬ ጥቂት ጠበቅሁት። ምንም ሳይመጣ ሲቀር ዘጋሁት። ሲዘጋ «ተቀምጧል» የሚል ጽሑፍ ብልጭ አለ። ተቀምጧል ማለት ደኅና ማለት ነው ብዬ ወደ ስፌቴ ተመለስኩ። ለማንም አልነገርኩም። ምን ብዬ ልንገር? ሜዳ አየሁ ልበል?

በማግስቱ ጠዋት ለቆይማ ደወልኩ።

«ወጣ እትዬ!» አለ ገና ሄሎ ሳልለው። ድምፁ የልጅ ድምፅ ሆኗል። «አሁን፣ አሁን ነው የወጣው። ሙሉውን። እኔ ይህን ዲስክ የደንበኛ ቢሆን ኖሮ ተስፋ እቆርጥበት ነበር እኮ።»

«እንግዲያው አምጣዋ!»

«አንድ ኤክስተርናል ዲስክ ላይ ብቻ ነው ያለው። ሁለተኛ ኮፒ ላድርግለትና ነገ በጠዋት...»

«ነገ?» አልኩት። «ነገ ነው ያልከኝ? ስማ፣ አራት እሁድ ነገ ስትለኝ ነው ይኸ ሁሉ የመጣው። ለደንበኛ ቢሆን በሦስት ቀን ትጨርሰው ነበር። ትናንት እመቤት ብሎኛል፣ ገብቶሃል? እኔን፣ ልጁን! ዛሬ ይዘኸው ካልመጣህ ሁለተኛ አባዬ እንዳትለው!»

«እሺ፣ መጣሁ» አለ።

የመጣው አባዬ ለከሰዓት እንቅልፉ ከተኛ በኋላ ነው። ዓይኑ ደም መስሏል፤ ጺሙን ከተላጨ ስንት ቀኑ። ከደረት ኪሱ ያወጣት ኤክስተርናል ዲስክ የእጅ መዳፍ አታክልም። አባዬ ሳይነሣ ደርሶ ይጠብቀው ብለን በሹክሹክታ ነበር የምናወራው። ጥሎብኝ ደስ ሲለኝ ሰው መንካት እወዳለሁና «ሱቅህ ላይ ያለውን ጽሑፍ ቀይረህ ‹ቆይማ› በልበት» አልኩት። ሳቀ። ከስንት ጊዜ በኋላ አብረን ሳቅን።

«ከእንግዲህ ማንም ማንንም አይለምንም» አለኝ። «ፕሮግራሜን እጭንበታለሁ። ይህችን ኤክስተርናል በሰካሽ ቁጥር ራሱ እዚህ ያለውንና እሷ ላይ ያለውን አመሳክሮ አንድ ያደርጋል። ለሁሉም ደንበኛ የማደርገው ነው። ራሴ ነኝ የጻፍኩት፤ አሥር ዓመት አንድ ሰው አልተበላሸበትም።»

«አንድ ዓይነት ስም ያለው ሁለት ፋይል ቢያገኝስ? የትኛው ትክክል እንደሆነ በምን ያውቃል?»

እኔ ነኝ የጠየቅሁት። በዚህች አፌ።

«በቀኑ ነዋ። አዲሱ አሮጌውን ይተካል። አዲስ ማለት የበለጠ የተሠራበት ማለት አይደል?»

ልክ ነው አልኩ። ልብስም ቢሆን የመጨረሻው ልኬት ነው የሚሰፋው። ያ አረንጓዴ ሜዳ ትዝ አላለኝም። ሜዳ ለእኔ ፋይል አልነበረማ።

ሰካት። ስክሪኑ ላይ አንዲት መስመር ሄደችና «1 ፋይል ተተክቷል» አለች። ቆይማ እጁን አሻሸ፤ «አለቀ» አለ። ጌሙን ከፈተ። «ቤት» የሚለውን ተጫነው።

አረንጓዴ ሜዳ።

ዘጋው፤ ከፈተው። ሜዳ። ኤክስተርናሏን ከፍቶ ፋይሉን ፈለገ። አገኘው። ስሙ ያው ነው። መጠኑን ሲያይ ከንፈሩ ነጣ። «ይኸ ባዶ ነው። የእኔ ይኼን ያህል አልነበረም። ሙሉ ነበር እኮ፣ ከፍቼ አይቼዋለሁ፤ የእማዬን መስኮት አይቻለሁ ጠዋት።»

«አሮጌው ዲስክስ?»

«ጠዋት የመጨረሻዋን ከሰጠ በኋላ ቆመ። አይዞርም። ሞቷል።»

«ሌላ ኮፒ...»

ቀና ብሎ አየኝ። ሌላ ኮፒ ላድርግ ሲል ማን እንደጮኸበት ሁለታችንም እናውቃለን።

አንድ ሰዓት ያህል ታገለ። የጠፋ ፋይል የሚፈልጉ ፕሮግራሞቹን ሁሉ አንድ በአንድ ሞከረ። የተሰረዘ ይመለሳል፣ በላዩ የተጻፈበት አይመለስም አለኝ። ላቡ ኪቦርዱ ላይ ጠብ ጠብ ይላል። እኔ ከኋላው ቆሜ፣ ድምፄን ዝቅ አድርጌ፣ በአፌ ገረፍኩት። ሃያ ዓመት ባክአፕ ባክአፕ ስትል ኖረህ አልኩት። የሰው ሠርግ ስታድን የአባትህን ቤት በገዛ እጅህ አልኩት። የጻፍከው ፕሮግራም ራስህን ይምሰል አልኩት። ደሜ ፈልቶ ነበር፤ ከአፌ የወጣውን ሁሉ አላስታውሰውም።

እሱ ፕሮግራሙ የሠራውን የሚመዘግብበትን ገጽ ከፈተ። የሁለት ፋይሎች ቀን ተጽፎበታል። አንዱ የዛሬ ሦስት ሳምንት ማክሰኞ ነው፤ የተተካው። የተካውን ደግሞ ጮክ ብሎ አነበበው።

«ትናንት፣ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ከአሥር።»

ክው አልኩ። ትናንት ስምንት ሰዓት ከአሥር ላይ እሱ ሱቁ ነበር። አባዬ ኮምፒውተር ማብራት ከተወ ቆይቷል፤ በዚያ ላይ ተኝቶ ነበር። እዚህ ቤት ውስጥ ሦስተኛ ሰው የለም።

ቆይማ ወንበሩ ላይ እንዳለ ዞሮ አየኝ። እኔ የተሰፋ ጠርዝ ላይ የተንጠለጠለች ክር አየሁ፤ ጎተትኳት። እንዲናገር ጠበቅሁ። እኔ ብሆን አልምረውም ነበር። እኔ ብሆን ጎረቤት እስኪሰማ እጮህበት ነበር፤ አትንኩ አላልኩህም እል ነበር፤ ዕድሜ ልኩን አነሣበት ነበር።

ገጹን ዘጋው። «የእኔ ጥፋት ነው እትዬ» አለ። «ፕሮግራሙ የእኔ ነው።»

«አዎ፣ ያንተ ነው» አልኩት።

እንዲህ አልኩት። ቃል በቃል።

የአባዬ በር ሲከፈት ሰማን። ኮሪደሩ ላይ እርምጃ እየቆጠረ መጣ። ቆይማ ብድግ ብሎ ወንበሩን ለቀቀለት፤ ስክሪኑን ለማጥፋት እጁን ሲሰድ አባዬ ቀድሞት ተቀመጠ። ብርሃን ሲያይ ፊቱ ተፈታ። ማውሱን ያዘ። እጁ አይንቀጠቀጥም።

ወደ ግራ ሄደ። ወደ ቀኝ ሄደ። ዞሮ ወደኋላ አየ። ቆመና ረጅም ጊዜ ሜዳውን ተመለከተ፤ እንደዚያን ጊዜው በአንድ ዓይኑ አነጣጥሮ። አልገባውም፣ ባዶ ስክሪን መስሎት ይተወዋል ብዬ ተስፋ አድርጌ ነበር፤ አፈር ልብላ።

«አፈረሱት» አለ።

ቆይማ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

«መቼ መጡ? ሳምንት አልሰጧችሁም?»

«ቀድመው መጡ አባዬ» አልኩት።

ራሱን ነቀነቀ። የሥራ ባልደረቦቹን ጠባይ እንደሚያውቅ ሰው ነው የነቀነቀው። ከዚያ እጁን ከማውሱ ላይ አነሣና ጉልበቱ ላይ አስቀመጠው።

«ዕቃ አውጥታችኋል?»

«አውጥተናል።»

«የእናታችሁንም?»

«የእሷንም አውጥተናል።»

«ደብተሮቹንስ?»

እዚያች የጭነት መኪና ላይ ከተሰቀልን አሥራ አንድ ዓመት አልፎናል። ቆይማ ከግድግዳው ሳይዞር ትከሻው ሲርገበገብ አየሁት።

«አውጥተናል አባዬ» አልኩት። አባባሌ አልበቃ አለኝና ጨመርኩበት። «እኔ ነኝ ያወጣኋቸው። ሳጥኑን ከነክዳኑ።»

አባዬ ወንበሩን ይዞ ዞረና ፊቴን ተመለከተ። ዓይኑ ጠራ። ከወራት በኋላ በስሜ ጠራኝ፤ በራሴ ስም።

«ጎሽ የኔ ልጅ» አለኝ። «አንቺ እንደማትረሺ ልቤ ያውቅ ነበር።» ከዚያ ወደ ቆይማ ዞረ። «አንተ ግን ሁልጊዜ ቆይማ፣ ቆይማ። እህትህ ባትኖር እስቲ ምን ይውጠን ነበር?»

ቆይማ ፊቱን በክንዱ ጠረገና ዞረ። እኔን አላየኝም።

«እውነትህን ነው አባዬ» አለ።

ያኔ መናገር እችል ነበር። አፌን ከፍቼም ነበር። አባዬ ግን እየሳቀልኝ ነው፤ በስሜ የጠራኝ አፉ ገና አልተዘጋም። አፌን መልሼ ዘጋሁ።

አባዬ ከወንበሩ ተነሥቶ ወደ ውጭው በር ሄደ። መኪናው ሳይሄድብን እንውጣ፣ ኮቴን አምጪልኝ አለ። ኮቱን አመጣሁለት። ቆይማ አንዱን እጅጌ ያዘለት፣ እኔ ሌላውን ያዝኩለትና አለበስነው።